የወጌሻው ልጅ ትከሻ

በ2006 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ ከአምባ ጊዮርጊስ ወደ ዳባት በሚኒባስ ስሄድ፣ ከፊቴ ሁለት የማይተዋወቁ ሰዎች ጎን ለጎን ተቀመጡ። አንደኛው የወገራ ሰው ሁሉ የሚያውቃቸው ወጌሻ አቶ ያርጋል ናቸው። ሁለተኛዋ ጎንደር ፊዚዮቴራፒ ተምራ የተመረቀች፣ ዳባት ሐኪም ቤት ሥራ ልትጀምር የምትሄድ ሊድያ የምትባል ወጣት ናት። እኔ ጡረታ የወጣሁ መምህር ነኝና የሰው ጨዋታ መስማት እወዳለሁ።

«ወዴት ይሄዳሉ አባቴ?» አለቻቸው።

«ዳባት። ስጦታ የምትባል ልጅ ከበቅሎ ወድቃ ትከሻዋ ወልቋል አሉኝ። ተረከዜን ብብቷ ውስጥ ተክዬ፣ ስቤ እመልስላታለሁ። ከዚያ ክንዷን ከጎኗ ጠፍሬ አስራለሁ። የጥምቀት ጠበል ሳይነካው አይፈታም።»

ሊድያ ደነገጠች። «ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ እንዲህ ያሰሩት ሁሉ ድኗል?»

«ያልቀናኝ አንድ ነው፤ እሱም የገዛ ልጄ ዋሴ። ውልቃቱስ ገባ፤ ክንዱ ግን አልነሣ አለ። ትከሻው ሟሽሾ አጥንቱ ቀረ። ጅራፍ ማንሣት አቅቶት መሬቱን ለእኩል አራሽ ሰጠ። ጎበዝ አራሽ ነበር፤ የሰው ዓይን በላው። እሱም ራሱ እንዲያ ይላል።»

«ትከሻው ደንዝዞት ነበር?»

«ከውጭ በኩል ደነዘዘኝ ይል ነበር።»

ልጅቷ እጇን በትከሻዋ ላይ አኖረች። «ይህ ዴልቶይድ የሚባለው ጡንቻ ነው። ትከሻን እንደ ለምድ ከፊት፣ ከጎንና ከኋላ ሸፍኖ፣ ታች ከክንድ አጥንት ወገብ ላይ ይያዛል። የፊቱ ክንድን ወደ ፊት፣ የኋላው ወደ ኋላ ይወስዳል፤ የመካከሉ ወደ ጎን ያነሣል። የሚያዝዘው ነርቭ በብብት በኩል ዞሮ ያልፋል። ትከሻ ሲወልቅ ነርቩ ሊጎዳ ይችላል፤ በኃይል መሳብ ደግሞ ያባብሰዋል። ያኔ ጡንቻው ይከሳል። ለወራት ሲታሰርም መጋጠሚያው ይደርቃል።»

«አባቴም አያቴም ወጌሻ ናቸው! ስንቱን አቅንተናል!» ሲሉ ተቆጡ።

«እጅዎ ብዙ ሰው ጠቅሟል። ነገር ግን መሰበሩን ራጅ፣ መደንዘዙን ሐኪም አስቀድሞ ቢያይ ምን ይጎዳል?»

ሽማግሌው የራሳቸውን ትከሻ ዳሰሱ። «እንግዲህ ዓይን ካልበላው፣ እኔ ነኛ የበላሁት።»

«ውድቀቱ ይሁን ስበቱ፣ አሁን ማረጋገጥ አይቻልም። በጊዜው ቢታይ ግን ተስፋ ነበረው።»

«አሁንስ?»

«አሁንማ ብዙ ዘገየ፣ አባቴ።»

ይህን እውነት ቢቀበሉ የልጃቸው ጉዳት በራሳቸው እጅ ሊሆን ነው፤ ባይቀበሉ ደግሞ የሌላ ሰው ልጅ ሊጎዱ ነው። እንዲህ ያለ ምርጫ ለጠላትም አይስጠው።

መምህርነቴን ያውቁ ነበርና ወደ እኔ ዞሩ። «መምህር፣ ስልክዎን እስቲ ያውሱኝ።» የስጦታን አባት አስደወሉኝ። «ልጅቱን ማንም እንዳይስባት። ክንዷን በነጠላ ደግፋችሁ ሐኪም ቤት አድርሷት። እኔም እዚያው እመጣለሁ» አሉ።

ስጦታ በራጅ ታይታ፣ በማደንዘዣ ትከሻዋ በቀስታ ተመለሰ። ሊድያ ክንዷን ቀስ በቀስ ማንቀሳቀስ አስተማረቻት፤ ለፋሲካ ጸጉሯን በገዛ እጇ ሠራች። አቶ ያርጋልም ከዚያ ወዲህ ወልቆበት የመጣውን ሁሉ ራሳቸው እየመሩ ሐኪም ቤት ያደርሳሉ። በዚህም የስንት አራሽ ክንድ ተርፏል።

በኋላ ዳባት ገበያ አግኝቻቸው፣ ለዋሴ ነገሩት ወይ ብዬ ጠየቅኋቸው።

«ነገርሁት» አሉ። «እሱ ግን ‹አባየ፣ እኔስ ድሮም አውቃለሁ። የደነዘዘኝ ሲስቡኝ ነው። እርስዎ እንዳያዝኑ ብዬ ነው ዓይን ነው ያልሁ› አለኝ። ምነው መምህር፣ ተቆጥቶ በሰደበኝ!»