ሲፈን ለቅሶ የቀረጸች ዕለት

በእኛ ጊዜ ናዝሬት ውስጥ ፊልም ይታያል እንጂ አይሠራም ነበር። ሲኒማ ቤት ገብተን የህንድ ፊልም እያየን አልቅሰን እንወጣለን፣ በቃ፤ ማን ሠራው፣ በምን ሠራው ብሎ የሚጠይቅ የለም፣ እኔ ራሴ ከሰማይ የሚወርድ ነበር የሚመስለኝ። አሁን ግን ፊልም የሚሠራው እኔ ጓሮ ነው። ምን ያስቃችኋል? የልብስ ማስጫ ገመዴ ላይ መብራት ሰቅላበት ነው የምላችሁ።

ሲፈንን ታውቋታላችሁ፣ የወንድሜ የጋሻው ልጅ ናት። ጋሻው አቦምሳ እህል ነጋዴ ነው፣ ከእናታችን ልጆች የቀረነው እኔና እሱ ብቻ ነን። ልጅቷ ዘጠነኛ ክፍል ስትገባ አዳማ ትማር ብሎ እኔ ጋ አመጣት፣ እኔም ባሌ ሞቶ ብቻዬን ነበርኩና ደስ አለኝ፣ እና ተማረች፣ አካውንቲንግ ጨረሰች፣ ባንክ ገባች፣ ጋሻው አቦምሳ ላይ በግ አርዶ ሰው ጠራ። ታዲያ ዓመት ሳይሞላት ባንኩን ትታው መጣች። ምነው ልጄ ብላት ፊልም ልሠራ ነው አለችኝ።

“በምን?” አልኳት።

“በምንም” አለችኝ።

እውነቷን ነው፣ በምንም ነው የምትሠራው። ስሙኝማ እንዴት እንደምትሠራ። መብራት ሲያንሳት የእኔን ነጭ አንሶላ ፀሐይ ላይ ይወጥሩና ብርሃኑን ወደ ተዋናዩ ፊት ይመልሱታል። ካሜራው እየሄደ እንዲቀርጽ ስትፈልግ ባጃጅ ትጠራለች፣ ቀራጩ ወደ ኋላ ዞሮ እግሩን አንጠልጥሎ ይቀመጣል፣ እሷ ባለባጃጁን ቀስ በል፣ ቀስ በል ትለዋለች፣ ባጃጅ ደግሞ መቼ ቀስ ማለት ያውቃል? ድምፅ መቅጃውን የመጥረጊያ እንጨት ጫፍ ላይ ያስሩታል፤ እኔ መጥረጊያዬ የት ገባ እያልኩ ቤቱን ሳተራምስ እውላለሁ፣ እሱ ለካ ሰው ጭንቅላት ላይ ተንሳፍፏል። ተዋናዮቹ ጓደኞቿ ናቸው፣ ደሞዛቸው የእኔ መኮሮኒ ነው። እኔስ ያልሆንኩት ምን አለ? በመጀመሪያው ፊልም ለማኝ ሆንኩ፣ በሁለተኛው ዳኛ ሆኜ ሰው ላይ ፈረድኩ፣ አራተኛ ክፍል እንኳ ያልጨረስኩት ሴትዮ። ጎረቤቶቼ ያማረብሽ ለማኟ ላይ ነው አሉኝ፣ ምቀኞች።

ታዲያ ሁለቱም ፊልሞች አለቁ፣ ግን ያየናቸው የሠራነው እኛው ነን። ጋሻው ይሄን ሰማ። መጣና፣ ኮቱን እንኳ ሳያወልቅ፣ ቁጭ ብሎ ነገራት፤ ሦስተኛውን ጀምረሻል አሉኝ፣ እሺ ጨርሺ፣ አዳራሽ ገብቶ ሰው ካየው ይሁንልሽ፣ ካልሆነ ግን አቦምሳ መጥተሽ መጋዘኑ ላይ ትቀመጫለሽ አላት። እሷም እሺ አባዬ አለች። እኔን ያስፈራኝ እሺታዋ ነው። ሲፈን እሺ ካለች እሺ ናት፣ ቃሏን አትበላም። ልጄ ጤፍና ገብስ ስትመዝን ታየችኝ።

እና ሦስተኛው ፊልም ተሠራ፣ ተሠራ፣ አንድ ነገር ቀረ። የቀረው ለቅሶው ነው። ፊልሙ ስለ አንዲት ሴትዮ ነው፣ ወንድሟ ሩቅ አገር ሄዶ ይሞትባታል፣ ሴትዮዋ እኔ ነኝ። ያ ለቅሶ ከሌለ ፊልሙ የለም። ካሜራው ደግሞ የሙላት ነው። ሙላት ሰርግ ቀራጭ ነው፣ ሰርግ በሌለው ቀን ካሜራውንም ራሱንም ያበድረናል። ታዲያ ከቅዳሜ ጀምሮ ጾም እስኪገባ ድረስ ሰርግ በሰርግ ላይ ተደርቦበታል፣ መተሐራ ነው፣ ወንጂ ነው፣ የማይሄድበት የለም። የቀረን ያቺው አርብ ብቻ ናት። ድንኳን የሚያከራየውን ሰው ለምነን ድንኳን ተከልን። ሰው ግን የለም። አሥር የማይሞሉ ልጆች ያን የሚያህል ድንኳን ውስጥ ሲቀመጡ ታክሲ የሚጠብቁ ነው የሚመስሉት። ሲፈን ጥፍሯን እየበላች ሰው ከየት ላምጣ፣ ባዶ ለቅሶ ማን ያምነኛል ትላለች።

አሁን ጋሽ ቱፋ ይመጣሉ። ጋሽ ቱፋ የእድራችን ጥሩንባ ነፊ ናቸው፣ ሰው ሲሞት ማለዳ ጥሩንባቸውን እየነፉ በአማርኛም በኦሮምኛም እነ እገሌ ቤት ለቅሶ አለ እያሉ የሚዞሩት። ሲፈን ፊልሙ ላይ እሳቸውኑ ፈለገች። ንጋት ላይ ሙላት ካሜራውን ደግኖ ቆመ፣ እሷ ደግሞ አስረዳቻቸው። ጋሽ ቱፋ፣ ካሜራውን ይርሱት፣ ልክ እንደ እውነቱ ያድርጉት አለቻቸው። እሺ ልጄ አሉ። ከእኛ በር ጥሩንባውን ነፉት፣ “እታለም ቤት ለቅሶ አለ” አሉ፣ እስከ ማዕዘኑ ሄዱ፣ ታጠፉ። ካት ተባለ። እኛ ቁርሳችንን ልንበላ ገባን።

ጋሽ ቱፋ ግን አልቆሙም። ልክ እንደ እውነቱ ነዋ የተባሉት። በኋላ ለምን ብዬ ስጠይቃቸው ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? “እኔ በዚህ ሥራዬ ግማሽ ሰፈር ጠርቼ ግማሹን ትቼ አላውቅም።” እና ቀበሌውን ሙሉ አዳርሰው፣ መናኸሪያው ድረስ ነፍተው፣ ቤታቸው ገብተው ተኙ።

እኛ ይሄን የት አውቀን። እኔ ጥቁር ለብሼ፣ ነጠላዬን ዘቅዝቄ ፍራሹ ላይ ተቀመጥኩ። ሲፈን ስልክ ሁሉ ይዘጋ ብላ የሁላችንንም ሰብስባ ዘንቢል ውስጥ ከተተች፣ ለእኔ ደግሞ እትዬ፣ ማንም ምንም ቢልሽ ቀና እንዳትዪ፣ ልቅሶሽን ብቻ አልቅሺ አለችኝ። ጀመርን። ታዲያ በሩ ተከፍቶ ሰው ይገባል፣ ይገባል፣ ይገባል። በነጠላዬ ውስጥ አጮልቄ ሳይ የታች ሰፈሮቹ፣ የወፍጮ ቤቱ ሰዎች፣ እነ ሐጂ ሳይቀሩ ከነልጆቻቸው። እኔ በልቤ ይህቺ ልጅ ይሄን ሁሉ ሰው ከየት አመጣችው እላለሁ፣ እሷ ደግሞ እትዬ ናት የጠራችልኝ ብላ ከካሜራው ጀርባ በደስታ ትዘላለች። አንዷ ጎረቤቴ ዘውዴ ከጎኔ የተቀመጠውን ተዋናይ ማን ነው የሞተው ትለዋለች፣ እሱ ሚስኪን እሷንም ተዋናይ መስላው በድርሰቱ መሠረት መለሰላት።

“ወንድሟ ነው።”

ወንድሜ ደግሞ አንድ ነው። ዘውዴ ጮኸች። ከዚያማ ተዉኝ፣ ጋሻው፣ ጋሻው የሚል ድንኳኑን ሞላው። የእህል መኪናው ላይ ስንቱን ሰው በነፃ የጫነ ጋሻው፣ ሳቂታው ጋሻው፣ እንዲህ ያለው ሰው ይሙት ወይ፣ እያሉ ደረታቸውን ይደቃሉ። እኔ መጀመሪያ ፊልሙ ላይ ስሙን ለወጡት እንዴ አልኩ። በዚህ መሃል ዘውዴ ተነስታ ሲፈን አንገት ላይ ተጠመጠመች።

“ልጄ፣ አባትሽን አጣሽው?”

ሲፈን ፈገግ አለች፣ ጥሩ ትወና መስሏት። ኋላ የዘውዴን እንባ ልብ ብላ አየችው። ከዘንቢሉ ስልኳን አውጥታ አባቷ ጋ ደወለች፣ ይጠራል፣ አይነሳም። እንደገና ደወለች፣ አይነሳም። ያን ጊዜ መሬት ላይ ቁጭ አለችና፣ አባዬ አለች፣ እንዲያው ቀስ ብላ። ሳትጮህ። እኔ እሷን ባየሁ ጊዜ ነጠላዬን ጥዬ ተነሳሁና ወንድሜን ብዬ አበድኩ።

“እትዬ፣ እርስዎ ራስዎ እንዴት አመኑ? ወሬውን ያስነሳው የእርስዎ ልቅሶ አይደል?” ትለኛለች ይህቺ አጠገቤ የተቀመጠችው ደግሞ። ምን ላድርግ፣ ሰው ሁሉ ሲያለቅስ እኔ ብቻ ውሸት ነው ብዬ ልቀመጥ? ለካ እያወቁ ሳይነግሩኝ ቀርተው ነው አልኩ።

አሁን ወደ ጋሻው እንሂድ። መናኸሪያ የጋሽ ቱፋን ጥሩንባ የሰማ የአቦምሳ አውቶብስ ረዳት አለ፣ የሰፈራችን ልጅ፣ አቦምሳ እንደደረሰ በቀጥታ መጋዘን ሄዶ እህትህ ቤት ለቅሶ አለ ይለዋል። ጋሻው ይደውልልኛል፣ ስልኬ ዘንቢል ውስጥ ዝግ ነው። እህቴ አለቀች ብሎ ስልኩን ጠረጴዛ ላይ ጥሎ፣ መጋዘኑን ሳይዘጋ መኪናው ላይ ወጣ።

ቀትር አለፍ ሲል ደረሰ። እኛ ለእሱ እናለቅሳለን፣ እሱ ከበር ጀምሮ እታለሜን፣ እህቴን እያለ ይገባል። ወይ ያን ቀን። መጀመሪያ ካዩት ሴቶች አንዷ በድንኳኑ ሥር ሾልካ ወጣች፣ እስከ ዛሬም ከጋሻው ጋር አትጨባበጥም። እሱ ሰው እየገፋ መጥቶ እኔ ፊት ቆመ። አየኝ። አየሁት።

“ማነው የሞተው?” አለኝ።

“አንተ ነህ አሉኝኮ።”

“እኔ አንቺ ነሽ ብዬ ነው የመጣሁት።”

ሲፈን ከመሬት ተነስታ ጀርባውን አቀፈችው፣ አንገቱ ሥር ገብታ ተንሰቀሰቀች፣ እሱም ይዟት መሬት ላይ ቁጭ አለ። ድንኳኑ ሙሉ እልል አለ፣ በለቅሶ ድንኳን እልልታ ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ አንድ ጊዜ ሰምቻለሁ።

ታዲያ ሙላት። ሙላት የሰርግ ሰው ነው አላልኳችሁም? ሰርግ ላይ አማት ብትወድቅ፣ ሙሽራ ቢጠፋ፣ ጠብ ቢነሳ ካሜራ አይዘጋም፣ ባለሰርጉ ኋላ ይጠይቃላ። እና እሱ ሁሉንም ቀርጾታል። ጋሻው እንባውን ሲጠርግ የካሜራዋን ቀይ መብራት አየ። ፊቱ ተለዋወጠ። በእኔ ሞት ፊልም ሠራችሁ ብሎ ተነሳ፣ እድርተኛውም ተታለልን ብሎ ማጉረምረም ጀመረ፣ እኔ እንግዲህ መጋዘኑ መጣ አልኩ። ሲፈን ግን አልተከራከረችም።

“አባዬ፣ አጥፊው ካልከኝ አሁን አጠፋዋለሁ። ሌላ ቀን የለኝም፣ ግን አጠፋዋለሁ።”

“እስቲ መጀመሪያ ልየው” አለ።

የካሜራዋ ትንሽ መስታወት ላይ አቀርቅሮ አየ። ሰዉ ለእሱ ሲያለቅስ፣ ሲያመሰግነው። ከዚያ ልጁ መሬት ላይ ተቀምጣ አባዬ ስትል። እሷ ጋ ሲደርስ መልሺው አለ። እንደገና መልሺው አለ። ቀና ሲል ምን ቢል ጥሩ ነው?

“እኔ ስገባ የሚታየው ጀርባዬ ነው። የአቦምሳ ሰው በምን ያውቀኛል?”

ካልደገምኩ አለ። በር ድረስ ወጥቶ፣ ፊቱን ወደ ካሜራ አዙሮ፣ እህቴን እያለ ገባ። አይሆንም፣ ትንሽ ላሳምረው ብሎ ደግሞ ወጣ። ሰፈሩም ይሄን ሲያይ ኩርፊያውን ረሳው፣ እኔ ከፊት ልቀመጥ፣ እኔ ከፊት ልቀመጥ መባባል ሆነ። ዘውዴ ሄዳ ቀሚስ ቀይራ መጣች፣ ለቅሶ ላይ፣ ቀይ።

ፊልሙ አልቆ አዳራሽ ገባ። ጋሻው ከረባት አስሮ ከአቦምሳ ሰው በሚኒባስ ጭኖ መጣ፣ ወንበር ሞልቶ ሰው ግድግዳ ተደግፎ ቆመ። ያ ለቅሶ ላይ ሲደርስ ከየጥጉ ንፍጥ ሲሳብ ይሰማል፣ የማያውቁን ሰዎችኮ ናቸው የሚያለቅሱት። ጋሻውን ብመለከተው ጥርሱን ነክሶ ተቀምጧል። አልቆ ሲጨበጨብ ሲፈንን ጠራት።

“የደገምኩት የት ሄደ?”

“አባዬ፣ የመጀመሪያው ይበልጣል።”

“እሱ ላይ ያለው ጀርባዬና ጫማዬ ነው።”

“ሰውን ያስለቀሰው እሱ ነዋ” አለችው።

እና ይኸው እስካሁን አኩርፏታል። መጋዘን የሚባል ቃል ከአፉ ወጥቶ አያውቅም፣ ኩርፊያው ግን አልበረደም። በየሳምንቱ ይደውልልኛል፣ እታለም፣ ያቺ ልጅሽ የሚቀጥለው ላይ ፊቴን ካልቀረጸች አልሠራላትም በያት ይለኛል። እሷም ድምፁን ከጎኔ ሆና ትሰማና፣ እትዬ፣ መጀመሪያ ትወናውን ማየት አለብኝ፣ ሌሎችም የሚፈተኑ ሰዎች አሉ በዪው ትለኛለች። እኔ መሃል ላይ ሆኜ ስልኩን ይዤ እስቃለሁ። አባት ልጁን ሥራሽን ተዪ ብሎ ከሚያኮርፍ፣ በሥራሽ አላስገባሽኝም ብሎ ቢያኮርፍ አይሻልም? ያኩርፍ እቴ፣ ሃሃሃ፣ ያኩርፍ።