ግራ እግሩ ያጠረው አግዳሚ

በእኛ ጊዜ አምቦ ላይ «ቤትህ ስንት ክፍል ነው?» የሚል አልነበረም፤ «በረንዳህ ስንት ሰው ያስቀምጣል?» ነበር የሚባለው። ምን ያስቃችኋል? እናንተ ዩኒቨርሲቲ ስለገባችሁ ቤት ማለት ክፍል ይመስላችኋል። እኔ ጉደታ አርባ ዓመት አናጢ ነኝ፣ ይህን ሰፈር ግማሹን ያቆምኩት በዚህ እጄ ነው፣ እና ስሙኝ። ባህር ዛፉን ታቆማለህ፣ ማገሩን ትመታለህ፣ ጭቃውን ከጭድ ጋር አቡክተህ ትመርጋለህ፣ እና ቆርቆሮውን ከግድግዳው ሁለት እርምጃ አሳልፈህ ታወጣዋለህ፣ ከሥሩ የአምቦን ድንጋይ ትደረድራለህ፣ በቃ፣ በረንዳ! የአምቦ ዝናብ ደግሞ ታውቁት የለ፣ አያስፈቅድም፤ መንገደኛው ሮጦ ያገኘው በረንዳ ላይ ይወጣል፣ «አካም ጅርቱ» ብሎ ሰላም ይላል፣ ይቀመጣል፣ ዘመድ ሆኖ ይሄዳል። እጃጂ ብትሄዱ ደግሞ በረንዳው ከፍ ያለ ነው፣ የነጋዴ አገር ነዋ፣ እህሉ ከአህያ ጀርባ ቀጥ ብሎ እንዲወርድበት። ማንም አላስተማረን፣ ማንም ንድፍ አልሰጠን፤ አገሩ ራሱ ነው እንዲህ አድርጉ ያለን።

ታዲያ የዛሬ ስድስት ሰባት ዓመት መንገዱ ይሰፋል ተባለ። ሜትር የያዙ ልጆች መጡ፣ ለኩ ለኩና «አባባ፣ በረንዳዎ መንገድ ውስጥ ገብቷል» አሉኝ።

«እኔ ስሠራው መንገዱ እዚያ ማዶ ነበር፤ የገባብኝስ እሱ ነው!» አልኳቸው።

ሳቁ። ሳቁና ቆረጡት። የእኔን ብቻ መሰላችሁ? የሰፈሩን በሙሉ! ቤቶቻችን ቅንድቡን እንደተላጨ ሰው ፊታቸው ጠፋ።

ጉዱ ታዲያ የመጣው ከብርቄ ነው። ባለቤቴ ናት፣ ይቻትና፣ አግዳሚው ላይ ቁጭ ብላ ትሰማናለች። ያኔ ጉልበቷ እምቢ ካላት ሁለት ዓመቷ ነው፣ በምርኩዝ ከአልጋ እስከ ደጅ ናት፣ እና የቀረቻት ዓለም ያቺ በረንዳ ነበረች። ጠዋት ትወጣለች፤ ማን አለፈ፣ ማን ከማን ተጣላ፣ የማን ልጅ አደገ፣ ሁሉም ወሬ እሷ ጋ ነው የሚያድር። በረንዳው ሲቆረጥ እቤት ገባች፣ እና ሦስት ቀን አልተናገረችም። ብርቄ! ሦስት ቀን! በአራተኛው ቀን «ሸነን ልሂድ» አለችኝ። ሸነን ልጃችን ጫልቱ አለች፣ ነርስ ናት፣ ሰፊ ግቢ አላት።

«ለስንት ቀን?» አልኳት።

«እንጃ» አለች። «ሰው በማይታይበት ቤት ምን እሠራለሁ? አንተ እንደሆንክ ከሥራ ስትመጣ ራትህን በልተህ መተኛት ነው።»

ያቺ «እንጃ» አስፈራችኝ። ዱጋ፣ እውነቴን ነው የምላችሁ። ይህን ሁሉ ዓመት የሰው ቤት ሳቆም የራሴ ሊፈርስብኝ!

ታዲያ ምን ላድርግ? ደጅ ላይ የተተከለ ነገር ክልክል ነው ተብሏል። አሰብኩ፣ አሰብኩና ጠዋት ወርዶ ደጅ የሚቀመጥ፣ ሲመሽ ግድግዳ ላይ የሚሰቀል አግዳሚ ሠራሁ። ሁለት ኩላብ በውጭ ግድግዳ መታሁ። ኩላብ መቼም የውስጥ ነገር ነው፣ ጋቢ መስቀያ፣ እና ሰፈሩ «ጉደታ ኩላቡን ደጅ አወጣው!» ብሎ ሳቀብኝ። ይሳቅ! በግራ በኩል መንገድ ሠሪዎቹ የተዉት ድንጋይ አራት ጣት ያህል ብቅ ብሎ ነበር፣ እና በግራ በኩል ያሉትን እግሮች አራት ጣት አሳጥሬ ድንጋዩ ላይ አሳረፍኳቸው። ልክክ አለ።

ብርቄ ሻንጣዋን እንዳሰረች ወጥታ ተቀመጠች። ገና ከመቀመጧ «አዴ ብርቄ! የት ጠፍተው ነው?» የማይል አላፊ አልነበረም። ሸነን ቀረ። እኔም ተመስገን አልኩ።

በሳምንቱ ታዲያ ኮብልስቶን አንጣፊዎቹ መጡና ያን ድንጋይ ነቅለውት ሄዱ። አግዳሚው ወደ ግራ አዘነበለ፣ ብርቄም ወደ ግራ መንሸራተት ጀመረች፣ እና እኔ ሮጬ በግራ በኩል ተቀምጬ በትከሻዬ ገታኋት። «ነገ አስተካክለዋለሁ» አልኳት። «ተወው» አለች። በማግስቱ መጋዝ ይዤ ስመጣ «ተወው አልኩህ እኮ!» ብላ ምርኩዟን አነሳችብኝ። «ኧረ ሰው ምን ይለኛል? አናጢ ነኝ!» ብላት «ያሻውን ይበል» አለች። ምርኩዝ ከያዘ ሰው ጋር አልከራከርም፣ ተውኩት፤ እንዳትወድቅብኝ ግን ከሥራ እየሮጥኩ መጥቼ ከግራዋ እቀመጥ ጀመር።

ብዙም ሳይቆይ ጎረቤታችን ዘውዴ መጣች። «እንደ ብርቄ አግዳሚ ሥራልኝ።» «ቶሌ፣ እሺ፤ የአንቺ ደጅ ግን ሜዳ ስለሆነ እግሩን እኩል አደርገዋለሁ።» «የለም! ልክ እንደዚያ ነው የምፈልገው፣ ግራው ይጠር!» እሷ ብቻ ብትሆን ጥሩ፤ የሰፈሩ ሰው ሁሉ ግራው ይጠር፣ ግራው ይጠር! ጊንጪ ብሄድ የዚያው አገር አናጢ ሂርጶም አሳጥሮት አገኘሁት። «ሂርጶ፣ ለምንድነው ያሳጠርከው?» አልኩት። «ዝናብ ሲያገኘው ውሃው እንዲወርድ ነዋ! የጀመርከው አንተ አይደለህ እንዴ?» አለኝ ኮራ ብሎ። «ጎበዝ» አልኩት። አንዱ ደግሞ እንግዳ ብዙ እንዳይቆይ ነው ይላል።

ይኸው ዛሬ እናንተ ሜትርና ደብተር ይዛችሁ መጣችሁና «ኦቦ ጉደታ፣ ከአምቦ እስከ ጊንጪ የአግዳሚው ግራ እግር ያጠረበት ባህላዊ ትርጉሙ ምንድነው?» ትሉኛላችሁ። ትርጉሙማ ድንጋይ ነው! ከተማ የሚሠራው እንዲህ ነው ልጆቼ፤ አንዱ ይሳሳታል፣ ሁለተኛው እሱን አክብሮ ይሳሳታል፣ ሦስተኛው ባህላችን ነው ይላል። ይህንኑ ጻፉት።

«እንዳትጽፉ! ውሸት ነው።»

ምን አልሽ ብርቄ?

«ውሸት ነው አልኩ፣ የጫልቱ አባት። ዘውዴ መጥታ ‹አንቺ፣ ጉደታ ከሥራ እየሮጠ መጥቶ ከጎንሽ ቁጭ የሚለው ምን አድርገሽው ነው?› ብላ ጠየቀችኝ። ‹የአግዳሚሽን ግራ እግር አሳጥሪው፤ እንዳትወድቂበት ሲል ይመጣል፣ ከተቀመጠ ደግሞ ማውራቱ አይቀርም› አልኳት። እሷ ለጎረቤቱ ነገረች፣ ጊንጪ ላለችው እህቷም ነገረች። ሴቱ ሁሉ ያውቀዋል።»

ሂርጶንም ሚስቱ ናት ያዘዘችው በይኛ! እና ይህን ሁሉ ዓመት ለምን አልነገርሽኝም?

«ብነግርህ እግሩን አስተካክለህ ወደ ሥራህ ትሄድ ነበራ! አርባ ዓመት የሰው በረንዳ ስትሠራ፣ በራሳችን በረንዳ ላይ አንድ ቀን ከጎኔ ተቀምጠህ ታውቃለህ?»

እ… አላውቅም። እውነቷን ነው፣ አላውቅም።

ልጄ፣ አንቺ ደብተር የያዝሽው፣ እስቲ ከዚያ ከግራ በኩል ተነሺልኝ። የእኔ ቦታ ነው።