የጋሽ ማርቆስ ክንድና የቡና መጠቅጠቂያው ማሽን

ጉልበቴን ያመመኝ ሰንበትበት ብሎ ነበርና፣ አንድ ሰኞ ጠዋት የዩኒቨርሲቲ ክፍለ ጊዜዬን ለባልደረባዬ አደራ ብዬ ሀዋሳ ውስጥ ወዳለ አንድ የአጥንት ክሊኒክ ሄድኩ። ተራዬን ለመጠበቅ አግዳሚው ላይ ስቀመጥ፣ ቀኝ እጃቸውን ከአንጓው እስከ ክርናቸው በፋሻ የተጠቀለሉ አንድ ሽማግሌ ከጎኔ ነበሩ። ቀና ሲሉ አወቅኋቸው። መናኸሪያ አጠገብ ያለው የማኪያቶ ቤት ባለቤት ጋሽ ማርቆስ ናቸው።

"ጋሽ ማርቆስ! ምነው፣ ምን አገኘዎት?"

"ኧረ ምንም አይደል መምህር። ትንሽ ወጋ አደረገኝ ብዬ ብመጣ እንደ አራስ ልጅ ጠቅልለው አስቀመጡኝ።"

"ወድቀው ነው?"

"እኔ የምወድቅ ሰው ነኝ?" አሉና ሳቁ። "ቡና ስጠቀጥቅ ነው።"

አንባቢዬ የማሽን ቡና ሲሠራ ልብ ብሎ አይቶ ከሆነ ነገሩ አይጠፋውም። የተፈጨው ቡና እጀታ ባለው ማጥለያ ውስጥ ከገባ በኋላ፣ ማሽኑ ላይ ከመገጠሙ በፊት በብረት መጠቅጠቂያ ተጭኖ መስተካከል አለበት። ከላላ ውሃው ሽው ብሎ ያልፍና ቡናው ይቀጥናል። ካጋደለ ደግሞ ውሃው በሳሳው ወገን ይሾልክና ጣዕሙ ይበላሻል። ጋሽ ማርቆስ ይህን ሥራ ከጎረምሳነታቸው ጀምሮ በዚያ በአንድ ክንዳቸው ሲሠሩ ኖረዋል። የጠዋት አውቶቡስ የሚሳፈረው፣ ወደ ኢንዱስትሪ ፓርኩ የሚሄደው፣ የባጃጅ ሾፌሩ፣ ሁሉም የእሳቸውን ማኪያቶ ሳይጠጣ ቀኑን አይጀምርም።

"ሐኪሙ ምን አለዎት?"

"ተው አለኝ። ካልተውክ ስኒ ማንሳትም ያቅትሃል አለኝ።" ይህን ሲሉ ድምፃቸው ዝቅ አለ። ወዲያው ግን አገጫቸውን አነሱ። "ልጅ ነው፤ ምን ያውቃል! ና ይልቅ፣ ስትጨርስ ማኪያቶ ልጋብዝህ።"

ሁለታችንም ታክመን ስንጨርስ በአንድ ባጃጅ ወደ ማኪያቶ ቤታቸው ሄድን። ማሽኑ ላይ የቆመችው ሙንተሃ ነበረች፤ ቀጠን ያለች፣ ሥራዋን የምትወድ ወጣት ናት። ገና በሩን ሳናልፍ አንድ ደንበኛ ብርጭቆውን ባንኮኒው ላይ መልሶ ሲያስቀምጥ አየን።

"እህቴ፣ ይህ የዚህ ቤት ማኪያቶ አይደለም። ዛሬ ጋሽ ማርቆስ የሉም እንዴ?"

ሙንተሃ አንገቷን ደፋች። ጋሽ ማርቆስ ግን በጤነኛው እጃቸው ጎሸም አደረጉኝ።

"ሰማህ መምህር? ሰማህ? ግማሽ ቀን ብጠፋ ሰው ያውቃል!"

ፊታቸው በርቶ ነበር። ከሒሳብ መቀበያው ጀርባ የተቀመጠች አንዲት ወጣት ይህን ብርሃን አየችና ፊቷን አጨፈገገች። ልጃቸው ታቢታ ናት። የምግብ ሳይንስ ተምራ በቅርቡ የተመረቀች፣ ሥራ ሌላ ቦታ ቀርቦላት ሳለ የአባቷን ቤት ላግዝ ብላ የቀረች ልጅ ናት። ከፊቷ አንድ ካርቶን ተቀምጧል።

"እንኳን ደህና መጡ አባባ። እጅዎን ምን አሉዎት?"

"ይድናል አሉ። ይህ ካርቶን ምንድነው?"

"ባለፈው የነገርኩዎት መጠቅጠቂያ ነው። እዚሁ ሀዋሳ፣ አዲስ ከተማ ሰፈር ያለው ሻጭ ለሙከራ ሰጠኝ። ካልወደዱት እመልሰዋለሁ።"

ከካርቶኑ አውጥታ ባንኮኒው ላይ አቆመችው። ቁመቱ ከአንድ ጀበና ብዙ የማይበልጥ፣ ከሥሩ ክፍት የሆነ ዕቃ ነው። ቡና የተሞላውን ማጥለያ ሲያስገቡለት ከላይ ያለው ብረት በራሱ ወርዶ፣ በተመደበለት ኃይል ጭኖና አስተካክሎ ይመለሳል። ጋሽ ማርቆስ ራቅ ብለው ተመለከቱት፤ ሳይጋበዝ የመጣ እንግዳ የሚያዩ ይመስሉ ነበር።

"ታቢታ፣ ልጄ፣ ማሽን ይፈጫል፤ ማሽን ያፈላል፤ ወተቱንም ማሽን ያሞቃል። የቀረችኝ ይህች አንዲት የእጅ ሥራ ናት። እሷንም ለማሽን ከሰጠኋት እኔ እዚህ ለምን ቆምኩ? ሰው የሚመጣው ለእኔ እጅ ነው። አሁን መምህር በጆሮው ሰምቷል።"

"እኔም ሰምቻለሁ አባባ። እርስዎ ደስ አለዎት፤ እኔ ግን አዘንኩ። እርስዎ ግማሽ ቀን ስለጠፉ ማኪያቶው ከተመለሰ፣ ስም ያለው እርስዎ ነዎት እንጂ ቤቱ አይደለም። ነገ ጉንፋን ቢይዝዎትስ? ሐኪሙ ያለው እውነት ቢሆንስ? በሩን እንዝጋ?"

"እስከ ዛሬ መቼ ተዘግቶ ያውቃል?"

"እስከ ዛሬ እጅዎ በፋሻ አልተጠቀለለም ነበር።"

ጋሽ ማርቆስ ሲናደዱም ሲደሰቱም እንደሚያደርጉት ወደ ሲዳምኛ ዞረው የሆነ ነገር አጉረመረሙ። ከዚያ ወደ አማርኛው ተመለሱና ሌላ ክርክር አነሱ።

"እሺ፣ መብራት ሲጠፋስ? የእኔ ክንድ መብራት አይፈልግም።"

"መብራት ሲጠፋ ቡና ማሽኑስ ይሠራል?"

እኔ ሳላስበው ሳቄ አመለጠኝ። ጋሽ ማርቆስ ቢቆጡም ከንፈራቸው ጥግ ላይ ፈገግታ ብቅ ብሎ ነበር።

"መምህር፣ እስቲ ፍረደን። የተማረ ሁሉ ማሽን ግዙ ማለት ነው የሚወደው። አንተስ ምን ትላለህ?"

"እኔ ከመፍረዴ በፊት አንድ ጥያቄ አለኝ" አልኩና ወደ ታቢታ ዞርኩ። "ይህን ማሽን ማኪያቶ የሚሸጥ ቤት ሁሉ ይግዛው ትያለሽ?"

"አልልም" አለች ፈጥና። "ገበያው ቀዝቀዝ ያለ፣ ባለቤቱ ራሱ ቀስ ብሎ የሚሠራበት ቤት የእጅ መጠቅጠቂያው ይበቃዋል። ለዚያ ቤት ትርፍ ዕቃ ነው፤ ገንዘቡን የተሻለ ቡና ቢገዛበት ይሻላል። የእኛ ቤት ግን ጠዋት ሰው በር ላይ ቆሞ የሚጠብቅበት ነው፤ ማሽኑ ላይ የሚቆመውም ሰው ይለዋወጣል። ለእኛ የሚያዋጣው ለዚህ ነው።"

መልሷን ወደድኩት። አዲስ ነገር ሁሉ ለሁሉ ይጠቅማል የሚል ሰው ልቤን አይሞላውም። ለማን እንደሚጠቅምና ለማን እንደማይጠቅም ለይቶ የሚናገር ግን ሊደመጥ ይገባዋል።

በዚህ መሀል ሙንተሃ ፎጣዋን አስቀምጣ ቀረበች።

"ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና እኔም ልናገር። ሥራውን አስተምረውኛል፤ አውቀዋለሁ። ጠዋት የምሠራውን ሰው ይወድልኛል። ረፋድ ላይ ክንዴ ይዝላል፤ ያኔ አንዱ ይቀጥናል፣ አንዱ ይመራል። ብርጭቆ ሲመለስብኝ እርስዎ ይስቃሉ። እኔ ጓዳ ገብቼ አለቅሳለሁ።"

ጋሽ ማርቆስ ደነገጡ። ኮፍያቸውን አውልቀው በእጃቸው አሻሹት።

"ያንቺን ማልቀስ አላወቅሁም ነበር ልጄ" አሉ። ኮፍያቸውን መልሰው ደፍተውም "እሺ፣ ይሞከር። እኔ ግን ደንበኛ ሆኜ ነው የምፈርደው" ብለው አንድ ጠረጴዛ ጋ ሄደው ተቀመጡ። በዚያ ቤት ወንበር ላይ እንደ ደንበኛ ተቀምጠው አይቻቸው አላውቅም።

ሙንተሃ ማጥለያውን በቡና ሞላችና በአዲሱ ዕቃ ውስጥ አስገባችው። ጠቅ አለና ተመለሰ። ቡናው ወረደ፤ ወተቱ ተጨመረ፤ ብርጭቆው ጋሽ ማርቆስ ፊት ቀረበ። አንድ ጊዜ ፉት አሉ። ዓይናቸውን ጨፈኑ። ከዚያ ጠረጴዛውን መታ አድርገው ተነሱ።

"ኮምጥጧል! ይኸው! አላልኩም? ማሽናችሁ ምን ያውቃል!"

ታቢታ ምንም አልተደናገጠችም። "ለምን ኮመጠጠ አባባ?"

"ለምን ትያለሽ? ዛሬ ጠዋት አዲስ የተቆላ ቡና ነው የገባው። መፍጫው ግን እንደ ትናንቱ ነው የቆመው። ሻካራ አድርጎ ፈጭቶታል፤ ውሃው ሮጦ አለፈ። አንዴ ቀምሶ ይህን ያላወቀ ቡና ሠራሁ አይበል!"

"ማሽኑ አላወቀም፤ እርስዎ አወቁ" አለች ታቢታ በኩራት። "እኔም ስፈልግ የነበረው ይህንኑ ነው። መጫን ጉልበት ነው፤ ጉልበትን ማሽን ይተካዋል። ምላስዎን የሚተካ ማሽን ግን ሻጩ ጋ አላየሁም። እርስዎ ቀኑን ሙሉ ሲጫኑ ስለሚውሉ ሙንተሃን መፍጫ ማስተካከል አስተምረዋት አያውቁም፤ ጊዜ የለዎትም። አጎቴ አለታ ወንዶ ላይ ቀዩን ፍሬ አንድ በአንድ ለቅሞ፣ አድርቆ ይልክልናል። ያ ሁሉ ድካም እዚህ ባንኮኒ ላይ፣ ክንድ ስለዛለ ብቻ ይበላሽ?"

የወንድማቸው ነገር ሲነሳ የጋሽ ማርቆስ ፊት ተለወጠ። ወደ መፍጫው ሄዱ። በግራ እጃቸው ማስተካከያውን ትንሽ አዞሩ፤ የተፈጨውን በጣታቸው አሻሽተው አዩ፤ ደግመው አዞሩ።

"ነይ ሙንተሃ። በጣትሽ ዳስሺው። እንዲህ ሲሆን ነው። አሁን ሥሪ።"

ሠራች። ቀመሱ። ሌላ ሠራች፤ ያንንም ቀመሱ። ለእኔም፣ ቅድም ብርጭቆውን ለመለሰው ደንበኛም ደረሰን። ሰውየው አንድ ጊዜ ጠጣና "አሁን ጋሽ ማርቆስ መጡ ማለት ነው!" አለ።

"እኔ አይደለሁም" አሉ ጋሽ ማርቆስ፤ ቤቱ ሁሉ እንዲሰማ አድርገው። "ሙንተሃ ናት የሠራችው።" ወደ ልጃቸው ዞረውም "ካርቶኑን ጣይው። አይመለስም" አሏት።

ይህ ከሆነ ወዲህ የሆነውን ደንበኛ ስለሆንኩ በዓይኔ እያየሁ ነው። የጋሽ ማርቆስ እጅ ከፋሻው ወጥቷል፤ ዛሬ ስኒ ብቻ ሳይሆን እሁድ እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ የልጅ ልጃቸውንም ያነሱበታል። ጠዋት የተጠጣው ማኪያቶ ማታ ከሚጠጣው አይለይም፤ በመላላቱ የሚደፋ ቡናም የለም። ሙንተሃ መፍጫውን በጣዕም ማስተካከል ተምራ ዛሬ ሌሎችን ታስተምራለች። እኔ ከዚህ የተማርኩት ይህን ነው፦ ዕቃ ከመግዛታችን በፊት የትኛው ሥራችን ጉልበት፣ የትኛው ደግሞ ዕውቀት እንደሆነ መለየት አለብን። ጉልበቱን ለማሽን ብንሰጥ አንዋረድም። ዕውቀቱን ለሰው ሳናስተላልፍ ብንቀር ግን ከእኛ ጋር ይቀራል።

ባለፈው ወር ቤቱ አዲስ ከተማ ሰፈር ላይ ሁለተኛ ቅርንጫፍ ከፈተ። ኃላፊዋ ሙንተሃ ናት። በመክፈቻው ጠዋት ስደርስ ወረፋው እስከ አስፋልቱ ወጥቶ ነበር፤ መሀሉ ላይ ጋሽ ማርቆስ ኮፍያቸውን ደፍተው እንደማንኛውም ሰው ቆመዋል። ታቢታ ከውስጥ አየቻቸውና እየሮጠች ወጣች።

"አባባ! በገዛ ቤትዎ ወረፋ ይጠብቃሉ? ይግቡ እንጂ!"

እሳቸው ግን ከፊታቸው ያለውን ሰው ሁሉ፣ ቀጥሎም ከኋላቸው ያለውን ቀስ ብለው ተመለከቱ።

"ተይኝ ልጄ" አሏት። "ይህ ሁሉ ሰው የእኛን ቡና ፈልጎ ነው የቆመው። ዕድሜዬን ሙሉ ከባንኮኒው ጀርባ ሆኜ ጀርባዬን ሰጥቼው ኖርኩ። ዛሬ መሀሉ ቆሜ ልየው።"