ጋሽ ምስጢሩ የሰረዙት ፋይል

የክሊኒኩ መዝገብ ቤት ኃላፊ ወላጆቻቸው ያወጡላቸው ስም ተረስቶ "ጋሽ ምስጢሩ" ከተባሉ ቆይተዋል። በሠላሳ ዓመት አገልግሎታቸው የአንድም ሕመምተኛ ጉዳይ ከአፋቸው ወጥቶ አያውቅም። ባለቤታቸው እንኳ "እከሌ ምን ሆኖ መጣ?" ስትላቸው "እግሩ አምጥቶት" ብለው ነው የሚያልፏት።

አንድ ሰኞ ረፋድ የእህታቸው ልጅ ጥርሷን አሟት፣ ጉንጯን በእጇ ደግፋ ክሊኒኩ መጣች። ተራዋ እስኪደርስ አጎቴን ሰላም ልበል ብላ መዝገብ ቤቱን ብታንኳኳ፣ ኮምፒውተራቸው ላይ ፍላሽ ሊሰኩ ሲሉ ደረሰች። የኮምፒውተር ጥገና ባለሙያ ናትና ዓይኗ ከሰላምታዋ ቀድሞ ስክሪኑ ላይ አረፈ። "ፋይሉ አልተገኘም" ይላል።

ነገሩ እንዲህ ነበር። ማሽኑ ቢንቀራፈፍባቸው ጋሽ ምስጢሩ ዓርብ ዕለት ጓዳ ጎድጓዳውን ከፍተው ስማቸውን የማያውቋቸውን ፋይሎች ጠርገው ጣሉ። "እርግጠኛ ነዎት?" እያለ ደጋግሞ ቢጠይቃቸውም በእሺታ አለፉት። ዛሬ የአንዲት ነፍሰ ጡር የደም ውጤት ወደ ሆስፒታል ሊልኩ ቢሉ ፕሮግራሙ እምቢ አለ። ሴትዮዋ ለቀዶ ሕክምና ተዘጋጅታ፣ ሐኪሙ ውጤቱን እየጠበቀ ነው። ጭንቅ ቢላቸው የፎቶ ኮፒ ቤቱን ወዳጃቸውን ጠሩ፤ እሱም ስክሪኑ አልተገኘም ባለው ፋይል ስም የተጠራ ሌላ ፋይል ከኢንተርኔት ፈልጎ በፍላሽ ሰጣቸው።

"ጋሼ፣ አይሰኩት" አለች ልጅቷ።

"ስሙ ያው ነው፤ ፊደል በፊደል አመሳክሬዋለሁ።"

"ስምማ ማንም ይለጥፋል። የሰረዙት ፋይል እኮ ውጤቱ መንገድ ላይ እንዳይነበብ የሚቆልፈው ነው። ፕሮግራሞቹ የየራሳቸው መቆለፊያ የላቸውም፤ ሁሉም ከእሱ ነው የሚዋሱት። እንዲህ ያለውን የጋራ ፋይል ቤተ መጻሕፍት የሚሉትም ለዚህ ነው።"

እሳቸው ግን በቀላሉ የሚረቱ ሰው አልነበሩም። አንድ መጽሐፍ የጎደለው ቤተ መጻሕፍት ተዘግቶ እንደማያውቅ ነገሯት። ልጅቷ ልትስቅ ብላ ጥርሷ ከለከላት። እንግዲያው መቆለፊያው ይቅርና እንዲሁ ይላክ፣ ማን ሥራ ፈትቶ ያየዋል፣ አሉ። የሴትዮዋን ወረቀት ሳያሽጉ ለአላፊ አግዳሚው ሰጥተው "አድርስልኝ" ይሉ እንደሆነ ብትጠይቃቸው ወደ ፍላሹ ተመለሱ።

"የወዳጄም ፋይል ይቆልፍ የለ?"

"ይቆልፍ ይሆናል። የሠራው ሰው ትርፍ ቁልፉን ለማን እንደሰጠ ግን እኔም እርስዎም አናውቅም።"

"ልጄ፣ ሴትዮዋ ብትሞት ምስጢሯ ምን ያደርግላታል?"

ይህ የግትር ሰው ክርክር አልነበረም፤ የጨነቀው ሰው ጥያቄ ነበር፤ ልጅቷም አላቃለለችውም። "ልክ ነዎት፣ ሕይወቷ ይቀድማል" አለች። "ሐኪሙ ጋ በራሱ ስልክ ይደውሉና ስሟን ሳይጠሩ በካርድ ቁጥሯ ያንብቡለት።"

ደወሉ። ሐኪሙም ቁጥሩን እየደገመ ተቀበላቸው። አጎትየው ላባቸውን ጠርገው ተቀመጡ። በዚህ መሃል የልጅቷ ተራ ተጠራ፤ እሷ ግን አሳለፈችውና ያን ፍላሽ ከቦርሳዋ ባወጣችው የመሞከሪያ ላፕቶፕ ከፈተች። የፋይሉን ሠሪ ፊርማ የሚያሳየው ቦታ ባዶ ነበር።

"ማኅተም የለውም ማለት ነው?" አሉ ጋሽ ምስጢሩ ጎንበስ ብለው።

"የለውም። እውነተኛው አለው።"

እኚህ ሰው ከየትም መሥሪያ ቤት ይምጣ፣ ማኅተም የሌለው ደብዳቤ ተቀብለው አያውቁም። ፍላሹን በገዛ እጃቸው ነቅለው "የማላውቀውን ጣልኩ፣ የማላውቀውን ደግሞ ላስገባ ነበር" አሉ ዝግ ባለ ድምፅ። ልጅቷም ትክክለኛውን ፋይል ከሠሪው አስመጥታ መለሰችው። ሲያሳልፉት የከረሙትን ማሻሻያም ጫነችላቸው፤ መቆለፊያው ላይ ስንጥቅ በተገኘ ቁጥር የሚደፈነው በዚያ መሆኑን አስረዳቻቸው። ከሰዓት በኋላ ሴትዮዋ በሰላም መገላገሏ፣ ሕፃኑም ደህና መሆኑ ተሰማ።

ከዚያ ወዲህ በክሊኒኩ የሥርዓቱን ፋይል ያለ ባለሙያ የሚነካ የለም፤ ማሻሻያም በሰዓቱ ይጫናል። ድሮ ማሽኑ እየተንቀራፈፈ ግማሽ ቀን ይፈጅ የነበረው ውጤት ዛሬ በደቂቃ ተቆልፎ ይደርሳል። ሕመሜ ይታወቅብኛል ብለው ሌላ ከተማ ድረስ ይሄዱ የነበሩም እዚሁ መታከም ጀምረዋል።

ይህ ደንብ የወጣው በማግስቱ በተደረገው የሠራተኞች ስብሰባ ላይ፣ ጋሽ ምስጢሩ ተነሥተው የሠሩትን አንድም ሳያስቀሩ ከተናገሩ በኋላ ነው። የጽዳት ሠራተኛዋ ሳቅ ብላ "ዛሬስ ጋሽ ምስጢሩም ምስጢር አወጡ" አለች።

"የራሴን ጥፋት ነው ያወጣሁት" አሏት። "ጥፋት ሰው የሚጎዳው ሲደበቅ ነው።"