ከሚስኮ የተላከ ውሃ

ታናሽ ወንድሜ በረከት ዙሉ በሚነገርበት ሰፈር በጻካኔ ያለውን ስፓዛችንን፣ ትንሿን ሱቃችንን፣ ለእኔ ትቶ፣ በመካከለኛው አሜሪካ በኩል ወደ አሜሪካ እሻገራለሁ ብሎ ከወጣ በኋላ ድምፁ ጠፋብኝ። ለጸሎት ተንበርክኬ አልቅሼ ብቻ እነሳለሁ። ትናንት ከማላውቀው ቁጥር ተደወለ።

"ጋሼ፣ በረከት ነኝ፤ ያለሁት ሚስኮ ነው" አለኝ። "ከጓቲማላ ዋና ከተማ ጋር የተያያዘች ከተማ ናት። ቁርጥ ጻካኔን። ሰዉ ጠዋት በአውቶቡስ ወደ ትልቁ ከተማ ይጎርፋል፣ ማታ ይመለሳል። ሱቁ እንኳን እንደኛው የብረት ፍርግርግ አለው። ለምዶብኝ ባለሱቋን በዙሉ 'ሳውቦና' ብዬ ሰላም አልኳት።"

"እሷስ?"

"ሳቀች። በፍርግርጉ መጀመሪያ ውሃ፣ ቀጥላ ስልኳን አቀበለችኝ።"

ስልኩን ዘግቼ ወደ ሥራዬ ዞርኩ። ከፍርግርጋችን ውጭ አንዲት አሮጊት ደንበኛዬ ዳቦ ይጠብቁ ነበር። ከዳቦው ጋር ቀዝቃዛ ውሃ አቀበልኳቸው።

"ውሃ አልጠየቅኩም" አሉኝ።

"ከሚስኮ ተልኮልዎት ነው" አልኳቸው።