ካሜራ ፊት የተነገረ መርዶ

እስራኤል ውስጥ፣ ከኢንዱስትሪ ቀጠናው ወደ ቂርያት ጋት ከተማ መሃል በሚሄደው አውቶቡስ፣ ከፊቴ የተቀመጡት አሮጊት አንዲት ሴት ስትሳፈር ገና ሲያዩ አወቋት። በአማርኛው ቴሌቪዥን ዜና ታነብ የነበረች፣ አሁን ዶክመንተሪ ፊልም የምትሠራ ናት።

“አንቺ! ነይ፣ እዚህ ቁጭ በይ።”

“እማማ! እንደምን ሰነበቱ?”

“ምን ደኅንነት አለኝ? ‘ወንድምዎን ጎንደር ሄጄ አፈላልጋለሁ’ ብለሽ ሄድሽ። ስትመለሽ ካሜራሽን ፊቴ ደቅነሽ ‘ሞቷል’ አልሽኝ።”

“ፊልም እንደዚያ ነው፣ እማማ። ሰው እውነተኛውን ሐዘን ማየት አለበት።”

“አሳዳጊ የበደለሽ! መርዶ እንዲህ ነው የሚነገረው? ዘመድ ሳይሰበሰብ፣ ሽማግሌ ሳይመጣ፣ ደግፎ የሚይዘኝ ሰው ሳይኖር?”

“ቴሌቪዥን ሳለሁ ለእኛ ሰው ሁለት ደቂቃ ነበር የሚሰጡኝ። ሥራዬን የተውኩት ታሪካችሁን በሙሉ ላሳይ ብዬ እኮ ነው።”

“ያኔ ትሻዪ ነበር! የሞተ ወታደር ዜና ስታነቢ ስንኳ፣ ቤተሰቡ ሳይረዳ ስሙን አትጠሪም ነበር።”

ጋዜጠኛዋ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች።

“ሐሙስ በማትናሱ፣ በሰፈሩ የሕዝብ ማዕከል አዳራሽ፣ ፊልሙን ታሳዪዋለሽ አሉ።”

“አዎ። እርስዎንም ልጠራዎት ነበር።”

“እኔን ተይኝ! ካርሜ ጋት ሰፈር ያለችው ታላቅ እህቴ ልቧ ደካማ ስለሆነ እስካሁን አላረዳናትም። እሷ ግን ‘እህቴን በፊልም አያለሁ’ ብላ ነጭ ቀሚሷን አሳጥባ ትጠብቃለች። እሷንም ሕዝብ ፊት ልታረጂያት ነው?”

ስልኬን አወጣሁና ለእናቴ የላክሁላትን የሐሙሱን ፊልም ጥሪ አጠፋሁት።