ጓዳ የተኛው ይሁኔ

ጉም ማዶ በምትባለው፣ ሰው አጥብቆ ያሰበው ሁሉ አካል ለብሶ በሚኖርባት አገር፣ ከሰዓት በኋላ፤ ወይዘሮ ደብሪቱ ቤት ውስጥ ተቀምጠዋል፣ ምራታቸው ስንዱ ከወንዝ ሮጣ መጥታ ፊታቸው ቆማለች።

ስንዱ፦ እግርዎ ላይ ልውደቅ እማማ? ጓዳ ያለውን ካላሰናበቱት እኮ ባሌ ድልድዩን መሻገር አይችልም!

ደብሪቱ፦ ድምፅሽን ቀነስ አድርጊ። ባልሽ ጓዳ ተኝቷል።

ስንዱ፦ ጓዳ የተኛው የእርስዎ ሐሳብ ነው። ይሁኔ ወንዙ ዳር ነው ያለው። ትናንት አየሁት፤ ዛሬም ምግብ አድርሼለት መመለሴ ነው።

ደብሪቱ፦ በዚህ አገር ወንዝ ዳር ሰው ማየት ምን ይደንቃል? ናፍቆሽ አስበሽው ይሆናል።

ስንዱ፦ እኔ ባስበው ኖሮ ጥርሱን አላወልቀውም ነበር። እግሩን እየጎተተ እንዲሄድም አላደርገውም።

ደብሪቱ፦ ጥርሱ ወልቋል?

ስንዱ፦ የፊቶቹ። ግንብ ሲሠራ ወድቆ ነው።

ደብሪቱ፦ እሰይ! ሐሳብ ድንጋይ ወደማያነሳበት አገር ሂድ ያልኩት እኔ ነኝ? ቤት አሰብኩለት፣ በሬ አሰብኩለት፣ ሚስት ሲያገባ ድንኳኑን ሳይቀር አሰብኩለት። እሱ ግን «አንቺ ስታንቀላፊ የሚፈርስ ቤት አልፈልግም፣ በእጄ የምሠራው ግድግዳ ይሻለኛል» ብሎኝ ወጣ።

ስንዱ፦ ሌላም ብሎዎታል።

ደብሪቱ፦ አትድገሚው።

ስንዱ፦ «አንቺ የምትወጂው ያሰብሽውን እንጂ የወለድሽውን አይደለም» ብሎዎታል። እዚሁ ቆሜ ሰምቻለሁ። እሱም አልረሳውም፤ ይቅርታ ሊልዎት ነው የመጣው።

ደብሪቱ፦ ሲታመም ነው እናት ትዝ ያለችው?

ስንዱ፦ ታሞ ወደ ማን ይሂድ ታዲያ? ድልድዩን በረገጠ ቁጥር ጉሙ መልሶ እዚያው ማዶ ያቆመዋል። የድልድዩ ጠባቂ ምን እንዳለው ያውቃሉ? «የደብሪቱ ልጅ ይሁኔ ቤቱ ነው፤ አንድ ሰው ሁለት ጊዜ አይገባም» አለው። እሱም ዞሮ «እኔ አይደለሁም እንዴ ይሁኔ?» አለኝ። እኔን! ምን ልበለው?

ደብሪቱ፦ ምን አልሽው?

ስንዱ፦ ነጠላዬን አለበስኩት። ይንቀጠቀጣል እማማ። ጉም ውስጥ ያደረ ሰው ምን እንደሚሆን አይጠፋዎትም። እየደበዘዘ ነው፤ ከአሁኑ ጣቶቹ በደንብ አይታዩም።

ደብሪቱ፦ እና እኔ ምን ላድርግ?

ስንዱ፦ የጓዳውን ማሰብ ይተዉ። ሌላ ምንም አልጠይቅዎትም።

ደብሪቱ፦ ለአፍ ቀላል ነው። መጀመሪያ የመጣ ቀን ማሰብ የቻልኩት ጀርባውን ብቻ ነበር፤ ያቺ ወንበር ላይ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ቁጭ አለ። ፊቱን እስካመጣለት ስንት አለቀስኩ! አንቺስ ያን ጊዜ አብረሽኝ ስታስቢው አልነበረም? ሳቁን ማን አመጣው?

ስንዱ፦ እኔ። ናፍቆኝ ነበር፣ አልክድም።

ደብሪቱ፦ ታዲያ ዛሬ ጠዋት አፉን ከፍቶ ሲስቅ ድምፅ የለውም። አንቺ ነሽ?

ስንዱ፦ ወሰድኩታ! ትናንት ይሁኔ ከማዶ ሲያየኝ በዚያ በወላቃ አፉ ሳቀ። ከዚያ ወዲያ ያንን ሳቅ ለሌላ ማሰብ አቃተኝ።

ደብሪቱ፦ ጨካኝ ነሽ። የልጄን ሳቅ ቀማሽኝ።

ስንዱ፦ ትናንት ማታ «ስሜ ማነው?» ብዬ ጠየቅኩት። እንደ መንገደኛ አየኝ። ሲያስቡት እኔን እንዲያውቀኝ አላሰቡማ! በአንድ ጣሪያ ሥር ስንኖር እኔ ለሱ «አንቺ» ብቻ ነኝ።

ደብሪቱ፦ ሁሉንም ነገር እኔ ላስብ? እናቱን ያውቃል፣ ይበቃዋል።

ስንዱ፦ በየጠዋቱ «እናቴ እንዴት አደርሽ» የሚልዎት እኮ እርስዎ እንዲል ስላሰቡት ነው።

ደብሪቱ፦ ቢሆንም ይላል! ያኛው ከሄደ ስንት ክረምት አለፈ፣ አንድ ቀን እንኳ እንዴት አደርሽ ብሎኛል?

ስንዱ፦ አሁን ሊልዎት መጣ። ይቅር ይበሉት።

ደብሪቱ፦ ለምኑ ነው ይቅር የምለው? ቤት ያለው ልጄ ምንም አልበደለኝም።

ስንዱ፦ የወለዱት እሱን አይደለማ!

ደብሪቱ፦ ምጡን አውቀዋለሁ፣ አንቺ አትነግሪኝም። ስሚኝ ስንዱ። ይህን ባሰናብተው ያኛው ይገባል፣ ይድናል። እሺ፣ ከዚያስ? አንድ ቀን ደግሞ ተቆጥቶ ይወጣል። ያን ጊዜ ይህኛውን ከየት አመጣዋለሁ? አርጅቻለሁ። አሁን አሁን መልኩ ራሱ እያመለጠኝ ነው። እንደገና ከጀርባው ልጀምር?

ስንዱ፦ ሰው እኮ እንደዚያ ነው እማማ። ይቆጣል፣ ይወጣል፣ ይመለሳል።

ደብሪቱ፦ አንዴ ችዬዋለሁ። በቃኝ።

ስንዱ፦ እሺ ይምጡና ዐይኑን ብቻ ይዩት። እኔ ደግፌ እወስድዎታለሁ። ከፈለጉ ምንም አይናገሩት።

ደብሪቱ፦ አይሆንም። ያንን ካየሁ ይህኛው ይሞትብኛል።

ስንዱ፦ ካላዩት ያኛው ይሞታል!

ደብሪቱ፦ ሂጂና ንገሪው። የደብሪቱ ልጅ ቤቱ ነው በይው።

ስንዱ፦ ይህን ቃል ከእኔ አፍ አይሰማም። ልብሴን ልያዝ። አዝዬውም ቢሆን ወደመጣበት አገር እመልሰዋለሁ፤ እዚያ የሠራው ግድግዳ ያስጠጋናል። መንገድ ላይ ቢሞትብኝም ስሙን እየጠራሁ አለቅስለታለሁ።

ደብሪቱ፦ ብትሄጂ ምን ይጎድልብኛል? አንቺንም አስብሻለሁ። የማትጮህ፣ ቃል የማትመልስ ስንዱ።

ስንዱ፦ ያስቡኝ! ጎረቤቱንም ያስቡት፣ ቤቱን በሰው ይሙሉት። ግን እርስዎ የሞቱ ዕለት ያሰቡት ሁሉ አብሮዎት ይጠፋል። ማን ሊቀብርዎት ነው እማማ?

ደብሪቱ፦ በሩን ዘግተሽ ውጪ። ልጄን ብርድ እንዳይመታብኝ።